ብርዱን ተዉትና ስለ ዝናቡ ጠይቁኝ

ከአገር ቤት የሚደውልልኝ ሁሉ ጥያቄው አንድ ነው፦ «ብርዱን እንዴት ቻልሽው?» ኧረ ብርዱስ ምንም አላለኝም! እኔን ያማረረኝ ዝናቡ ነው።

ያለሁት ሰሜን ኖርዌይ፣ ትሮምሶ ነው። ከአርክቲክ ክበብም 350 ኪሎ ሜትር ያህል ወደ ሰሜን ያልፋል። ሰው እዚህ የሚጠብቀው አጥንት የሚሰብር ብርድ ነው። ግን ከአትላንቲክ የሚመጣው ሞቅ ያለ የባሕር ሞገድ አየሩን ያለዝበዋል። የጃንዋሪ አማካዩ ከዜሮ በታች 4 ዲግሪ አካባቢ ነው። «ታዲያ ምን ጎደለሽ?» ትሉኝ ይሆናል። የምረግጠው መሬት ነዋ! ዛሬ በረዶ ይጥላል። ነገ ዝናብ ይዘንብበታል። ሌሊቱን ድርቅ ብሎ ያድራል፤ ጠዋት ደጁ ሳሙና የተቀባ ይመስላል። ያውም በጨለማ። ከኖቬምበር መጨረሻ እስከ ጃንዋሪ አጋማሽ ፀሐይ የሚባል ነገር ብቅ አይልም። እሱን እንኳ የዓሣ ዘይቴን እየዋጥኩ ለምጄዋለሁ።

ሰዉ ጫማው ሥር ሹል ብረት ያጠልቃል፤ ብሮደር ይሉታል። ሱቅ እስክትገቡ ድረስ ግሩም ነገር ነው። ለስላሳ ወለል ላይ ግን ብረቱ ራሱ ያንሸራትታል። ስለዚህ በር ላይ ማውለቅ፣ ስትወጡ እንደገና ማጥለቅ። ጓንት በጥርስ ተይዞ፣ በአንድ እግር ተቁሞ። አንዱ ደግሞ ይጠፋል፤ ሁሌ የግራው ነው፣ ለምን እንደሆነ እንጃ። መኪናውማ ታድሎ! ከኦክቶበር 16 እስከ ኤፕሪል 30 ባለ ሚስማር ጎማውን አጥልቆ መክረም ይችላል፤ በር ላይ አውልቅ የሚለው የለም።

ከሁሉ የሚያበግነኝ «መጥፎ አየር የለም፣ መጥፎ ልብስ እንጂ» የሚሉት አባባል ነው። እስቲ የትኛው ጃኬት ነው ከመውደቅ የሚያድነው? ይህን ያለው ሰውዬ ቤቱ ሜዳ ላይ መሆን አለበት። የእኔ ቁልቁለት ላይ ነው።

እኔ አጥር ተደግፌ ስንፏቀቅ አሮጊቷ ጎረቤቴ ሽው ብለው ያልፉኛል። ስፓርክ አላቸው፤ ቆመው በአንድ እግር እየገፉ የሚነዱት ባለ ወንበር መንሸራተቻ። መንገዱ ላይ ጠጠር ሲበተን እኔ እልል ስል እሳቸው ይበሳጫሉ፤ ስፓርክ ጠጠር ላይ አይሄድማ። አሁን ጠጠሩ በአንድ ወገን ብቻ ይበተን ብለው ለሕንፃው አስተዳደር አመልክተው ተፈቅዶላቸዋል። የእኔ በር በየትኛው ወገን እንደሆነ ገምቱ።