ለመኖ ብቻ አይደለም
«የጠፋ ፈረስ የሚመለሰው መኖ ናፍቆት እንጂ ሰው ናፍቆት አይደለም» የሚለው አልተዋጠልኝም። መኖማ ሜዳውም ላይ ሞልቷል! የሱሴክስ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ2018 ባወጡት ጥናት ለፈረሶች የተቆጣ ሰው ፎቶ አሳይተው ከሰዓታት በኋላ ሰውየውን ራሱን ቢያቀርቡላቸው፣ ፊቱ ላይ ቁጣ ባይኖርም አልዘነጉትም። እኔም ጠፍታ የተገኘች ባዝራ አይቻለሁ። ያገኟት ሰዎች ሲጠጓት ጆሮዋን ወደ ኋላ ለጥፋ ትሸሻለች፤ ያሳደጋት ልጅ ከሩቅ ሲጠራት ግን ጆሮዋ ቀጥ አለ፣ አሽካካች፣ መጥታም አፍንጫዋን ደረቱ ውስጥ ወሸቀች። ልጁ በእጁ ምንም አልያዘም ነበር። «የጠፋችብኝን ባዝራዬን እያፏጨሁ እየፈለግኋት ነው» ያልከው ወንድሜ፣ ፈረስ ብቻውን መሆን ስለማይወድ ሌሎች ፈረሶች ያሉበትን ቦታ አስቀድም፤ አብሯት የሚውል ፈረስ ካለም ይዘኸው ውጣ። አይዞህ!