ኦነሲሞስ ብቻውን አልነበረም

መጽሐፍ ቅዱስን ወደ ኦሮምኛ የተረጎመው ማን ነው ብላችሁ አንድ የቤተ ክርስቲያን ሰው ብትጠይቁ መልሱ ወዲያው ይመጣል፦ ኦነሲሞስ ነሲብ። መልሱ ልክ ነው፤ ግን ጎደሎ ነው። አብራው የሠራችው አስቴር ጋኖ ብዙ ጊዜ አትነሣም። ብትነሣም «ረድታዋለች» ተብሎ በአንዲት ዓረፍተ ነገር ትታለፋለች። ይህ መስተካከል አለበት ባይ ነኝ።

የምጽፈው ከኦነሲሞስ ክብር ለመቀነስ አይደለም። እሱን በጣም ነው የምወደው። በ1856 አካባቢ (ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ኢሉባቦር ውስጥ ሁሩሙ አጠገብ ተወለደ። አባቱ የሞተበት ገና ሕፃን ሳለ ነው። በ1869 የባሪያ ነጋዴዎች ነጠቁት። ከእጅ ወደ እጅ እየተሸጠ ምጽዋ ደረሰ። እዚያም በ1870 ስዊዘርላንዳዊው ቨርነር ሙንዚንገር ነጻ አወጣውና ለስዊድን ሚሲዮናውያን አስረከበው። በ1872 ተጠመቀ። የወጣለትም ስም ጳውሎስ ከእንግዲህ እንደ ወንድም ተቀበለው ብሎ ወደ ፊልሞና የላከው የዚያ ባሪያ ስም ነው።

ጎበዝ ተማሪ ስለነበር ስዊድን ተልኮ በዮሐንስሉንድ ሴሚናሪ 5 ዓመት ተማረ። በ1881 ሲመለስ ሐሳቡ አንድ ነበር፤ አገሩ ገብቶ ለወገኖቹ ወንጌልን መስበክ። ምህረት ኃይሉን አገባና ብዙም ሳይቆይ በሱዳን በኩል ጉዞ ጀመረ። እስከ ድንበሩ አካባቢ ደርሶ መንገዱ ተዘጋ። በ1882 ወደ ካርቱም ሲመለስ ደግሞ የመሐዲ አመፅ አገሩን እያመሰው ነበር። ቆየት ብሎ በሸዋ በኩል ሞከረ። እንጦጦ ደረሰ፤ ከዚያ ወዲያ እንዳያልፍ ተከለከለ። አሁንም ወደ ምጽዋ ዳርቻ፣ የስዊድን ሚሲዮን ጣቢያ ወዳለበት ወደ እምኩሉ፣ ተመለሰ።

ሌላ ሰው ቢሆን እዚህ ላይ እጁን ይሰጥ ነበር። እሱ ግን እኔ መግባት ካልቻልኩ መጽሐፉ ይግባ ያለ ይመስል ብዕሩን አነሣ።

ችግሩ ከዚህ ይጀምራል። አስቡት፤ ከአገሩ ሲወሰድ ዕድሜው 13 ገደማ ነው። ከዚያ በኋላ የኖረው በምጽዋና በስዊድን ነው። የ13 ዓመት ልጅ የቤቱን፣ የከብቱን፣ የጨዋታውን ቋንቋ ያውቃል። ሽማግሌዎች ሲዳኙ የሚሉትን ግን በቅጡ አልሰማም። ለጋብቻ ሽምግልና አልተቀመጠም። ለቅሶ ላይ ምን ተብሎ ሙሾ እንደሚወረድ፣ ርስት እንዴት እንደሚከፈል፣ አንድ ትልቅ ሰው ሲረግምና ሲመርቅ ቃሉን እንዴት እንደሚያሳምር ለመስማት ገና ልጅ ነበር። መጽሐፍ ቅዱስ ደግሞ በእነዚህ ነገሮች የተሞላ ነው። መጽሐፈ ምሳሌን፣ ሰቆቃወ ኤርምያስን፣ የያዕቆብን በረከት በልጅነት ቋንቋ እንዴት ትተረጉመዋለህ?

አስቴር የደረሰችው በዚህ ጊዜ ነው። እሷም የሊሙ እናርያ ንጉሥ ለባርነት ያደረጋት፣ ኋላም ለነጋዴ የተሸጠች ልጅ ናት። በ1886 የጣሊያን ባሕር ኃይል ባሕር ላይ ከባሪያ መርከብ አስጥሏት ነው እምኩሉ የመጣችው። ተምራ ስታበቃ ተሰጥኦዋ ጎልቶ ወጣ። ለትርጉሙ የሚሆን የኦሮምኛ መዝገበ ቃላት አዘጋጀች። ከዚያም 500 ያህል እንቆቅልሽ፣ ተረት፣ ምሳሌያዊ አነጋገርና ዘፈን ሰብስባ ጻፈች። በእምኩሉ የነበሩ ሌሎች ከባርነት የወጡ የኦሮሞ ልጆችም የሚያውቁትን ቃል አዋጥተዋል። የኔ እምነት፣ ያ ትርጉም የሰው አፍ የሚናገረው ኦሮምኛ ሊሆን የቻለው በዚህ ምክንያት ነው።

ውጤቱ በተከታታይ መጣ። አዲስ ኪዳን በ1893 እምኩሉ ታተመ። በዓመቱ፣ በ1894፣ ሁለቱ አንድ ላይ ያዘጋጁት የንባብ መማሪያ ወጣ። አስቴር ከሰበሰበቻቸው ብዙዎቹ የገቡት እዚህ ውስጥ ነው። በ1899 ሙሉው መጽሐፍ ቅዱስ፣ በግዕዝ ፊደል የተጻፈ፣ ስዊዘርላንድ ውስጥ በቅድስት ክሪሾና ታተመ።

እኔ ከሁሉ በላይ ለዚያ መማሪያ መጽሐፍ ልዩ ቦታ አለኝ። በቋንቋው ማንበብ ላልለመደ ሰው መጽሐፍ ቅዱስ ብትሰጠው ምን ያደርግለታል? መጀመሪያ ከእናቱ የሰማውን ተረት በፊደል ያንብብ፤ ዘፍጥረት ከዚያ ይደርሳል። ይህን ያሰበ ሰው፣ ወይም ያሰቡ ሁለት ሰዎች፣ ትልቅ አስተማሪዎች ናቸው።

በ1904 ነው በመጨረሻ ወለጋ የገቡት። ነቀምቴ ላይ የአካባቢው ገዥ ደጃዝማች ገብረ እግዚአብሔር በደስታ ተቀበሏቸው። ኦነሲሞስ ሕዝቡ በሚሰማው ቋንቋ ሰበከ፤ ይህም ጣጣ አመጣበት። ማርያምን ይሳደባል ተብሎ ተከሰሰ። በ1906 በኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ጳጳስ በአቡነ ማቴዎስ ፊት ቀርቦ ተፈረደበት። አፄ ምኒልክ ፍርዱን አሻሽለው ወደ ነቀምቴ እንዲመለስ፣ እንዳይሰብክ ግን አዘዙ። ለመስበክ ፈቃድ ያገኘው በልጅ ኢያሱ ዘመን፣ በ1916 ነው። ያን ሁሉ ዓመት ክፍት የነበረው በር ትምህርት ቤቱ ነበር። ነቀምቴ ላይ ደግሞ ከአስተማሪዎቹ አንዷ አስቴር ናት። ኦነሲሞስ በ1931 እዚያው አረፈ፤ እሷ ከሱ በኋላም ብዙ ዘመን ኖራለች።

ሴሚናሪ የተማረው እሱ ነው፣ የሥራው ኃላፊም እሱ ነው፣ ስለዚህ ስሙ ብቻውን ቢጻፍ ምን አለበት የሚሉ አሉ። ግማሹ እውነት ነው። የመጨረሻውን ውሳኔ የሰጠ፣ ስህተት ቢገኝ የሚጠየቀውም እሱ ነበር። ነገር ግን መጽሐፍ መተርጎም ነገረ መለኮት ማወቅ ብቻ አይደለም። የሚተረጎምበትን ቋንቋ እስከ ጥጉ ማወቅም ነው። በዚህኛው በኩል ያለው ዕውቀት ከአስቴርና ከጓደኞቿ የመጣ ነው። ሴሚናሪ ስላልገባች ዕውቀቷን ከዕውቀት ካልቆጠርን እጅግ ታላቅ በደል ነው የምንሠራው።

አይራ ያለው ሴሚናሪ በኦነሲሞስ ስም ተሰይሟል፤ ሲያንሰው ነው። የእሷ ስም ደግሞ በጥናት ጽሑፎች ውስጥ ተቀብሮ መቅረት የለበትም። የዚያን ትርጉም ታሪክ የሚያስተምሩ መምህራን፣ በዓመታዊ መታሰቢያው የሚሰብኩ አገልጋዮች፣ ስለ ኦሮምኛ ሥነ ጽሑፍ አጀማመር የሚጽፉ ሰዎች ሁለቱን ስም በአንድ መስመር ይጥሩ። የ1899ኙን ትርጉም ዳግም የሚያሳትም ቢኖርም በመግቢያው ላይ «ኦነሲሞስ ነሲብና አስቴር ጋኖ» ብሎ ይጻፍልን።