«ገደማ»ን ላጠፉልን ምስጋና

ዛሬ ምስጋና ላቀርብ ነው የመጣሁት። ልጅ አንድ ነገር ሲጠይቅ አንድ መልስ ሰጥተው፣ ሁለት ጊዜ አስምረውበት፣ «አለቀ!» ለሚሉ መምህራንና ወላጆች። እናንተ ባትኖሩ ልጆቻችን «ገደማ» እያሉ ያድጉ ነበር። «እስካሁን በምናውቀው» እያሉ ያድጉ ነበር። ምን ዓይነት ወላዋይ ትውልድ ይወጣልን እንደነበር አስቡት እስቲ!

ፕላኔቶችን እንውሰድ። እኔ ስማር ዘጠኝ ነበሩ። እንደ ዳዊት ነው የደገምኳቸው። ፕሉቶ ላይ ስደርስ ድምፄን ከፍ አደርግ ነበር፤ መጨረሻ ናታ። ታዲያ እ.ኤ.አ. በ2005 ከፕሉቶ ብዙ የማታንስ ኤሪስ የምትባል የሰማይ አካል መገኘቷ ይፋ ሆነና የሥነ ፈለክ ሰዎቹ ተቸገሩ። ወይ ኤሪስን አሥረኛ ማድረግ ነው፣ ወይ ፕላኔት ማለት ምን እንደሆነ ቁጭ ብሎ መወሰን። በ2006 ወሰኑ። ፕሉቶ «ድንክ ፕላኔት» ተብላ ወረደች።

ልጄ አሁን «ስምንት ናቸው» ትለኛለች።

«እንዴት አወቅሽ?»

«መጽሐፉ ላይ አለ።»

የምኮራው በዚህ ነው። ቁጥሩ ተቀየረ እንጂ አሠራሩ ንቅንቅ አላለም። እኔም ዘጠኝን ያወቅሁት ልክ እንደዚሁ ነበር።

ያ ግን ምንም አይደል። ዋናውን ድል ያየሁት በጠረጴዛው ጉዳይ ነው። የክፍሉ ልጆች አንድ ጠረጴዛ በማስመሪያ እንዲለኩ ታዘዙ። ማስመሪያው 30 ሴንቲ ሜትር ነው። ስለዚህ ደጋግሞ ማንሳትና ማስቀመጥ ግድ ነው፤ በየማንሳቱ ደግሞ ትንሽ ትንሽ ይዛነፋል። አንዱ 119.6 አገኘ፣ አንዷ 120.5፣ የኔዋ 120.2። እንግዲህ አንድ ተራ ሰው ቢሆን ቁጥሮቹን ሰሌዳ ላይ ደርድሮ «ለምን ተለያየን? የቱን እንመን? ምን ያህል ብንስት ነው?» እያለ የልጆቹን ጊዜ ያባክን ነበር። መምህሩ ግን የዋዛ ሰው አይደሉም። መልሱ 120 ነው። የለኩት ሁሉ ኤክስ። ራይት ያገኘው ጠረጴዛው አጠገብ ሳይደርስ ከጎኑ ያለውን አይቶ 120 ብሎ የጻፈው ልጅ ነው። ከጎኑ ያለው ከየት እንዳመጣው አልተጣራም።

ይህን ጥበብ የሚንቅ ካለ የክሮሞዞምን፣ ማለትም በሴል ውስጥ ሆነው ከወላጅ የሚወረሰውን ባሕርይ የሚሸከሙትን ክሮች፣ ታሪክ ይስማ። አሜሪካዊው ተመራማሪ ቴዎፊለስ ፔይንተር የሰውን ክሮሞዞም በማይክሮስኮፕ ሲቆጥር መጀመሪያ 46 ይሁን 48 አልለየለትም ነበር። ክሮሞዞሞቹ እላይ በላይ ተነባብረው ነው የሚታዩት፤ አይፈረድበትም። እ.ኤ.አ. በ1923 ግን 48 አለ። ቁጥሩ መጽሐፍ ውስጥ ገባ። የፔይንተር ማመንታት ግን አብሮት አልገባም። (ማመንታት ለፈተና አይመችም።) ከዚያ በኋላ 48 ትክክለኛ መልስ ሆኖ ከሠላሳ ዓመት በላይ ኖረ።

እዚህ ላይ ነው የናንተ ዓይነት ሰዎች ውለታ ጎልቶ የሚወጣው። ስዊድን ውስጥ ያሉ ተመራማሪዎች የጉበት ሴሎችን ይዘው ይቆጥራሉ። 46 ይመጣል። እንደገና ይቆጥራሉ። 46። ምን አደረጉ? ሥራቸውን አቆሙ! አርባ ስምንቱን ማግኘት አቃተን ብለው። እነዚህ በደንብ የተማሩ ሰዎች ናቸው። ጠረጴዛውን ለክተው ኤክስ የቀመሱ ይመስሉኛል። ነገሩን ያበላሹት ጆ ሂን ቺዮ እና አልበርት ሌቫን ናቸው። ሴሎቹን አሳብጠው፣ ክሮሞዞሞቹን እርስ በርስ ለያይተው ቆጠሩና በ1956 ዓይናቸው ያየውን ጻፉ። 46። እንዲያም ሆኖ «የሰው ቁጥር ይህ ነው» ብለው አልደመደሙም፤ ባየነው ሴል ውስጥ ነው ያልነው አሉ። ምን ዓይነት ፈሪዎች ናቸው!

የናንተ ፍሬ ደግሞ ልጁ ካደገ በኋላ ነው የሚያስደስተው። አንድ ወዳጅ አለኝ። በትምህርት ቤት ዘመኑ አንድ ቃል ሳያዛንፍ የሚሸመድድ ጎበዝ ነበር። ዛሬ አንድ የሳይንስ እርማት በሰማ ቁጥር ጠረጴዛ ይመታል። «ትናንት እንዲያ አላችሁ፣ ዛሬ እንዲህ! ፕሉቶን ከዋሹን ምድር ድቡልቡል ናት የሚሉትንስ ማን አየው?»

ቀስ ብዬ ላስረዳው ሞከርኩ። ምድር ድቡልቡል ናት የተባለው ትክክል ነው፤ ግን ፍጹም አይደለም አልኩት። ከመሐሏ እስከ ምድር ወገብ 6,378 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። እስከ ዋልታዎቹ 6,357። ልዩነቱ 21 ኪሎ ሜትር፣ ከሦስት መቶ አንድ እጅ መሆኑ ነው። ከጠፍጣፋ ወደ ድቡልቡል የመጣነው በትልቅ እርማት ነው፤ ቀጥሎ የመጣው ግን ትንሽ ነው። ስለዚህ መልሱ ሲታረም ወደ ኋላ አይመለስም፣ ስህተቱ እየጠበበ ነው የሚሄደው አልኩት።

በጥሞና ሰማኝ። ከዚያ «እሺ፣ ድቡልቡል ናት ወይስ አይደለችም? አንዱን በል!» አለኝ።

ይህን ሰው የቀረጹ እጆች ይባረኩ። ስንት ቀይ እስክሪብቶ አልቆበት ይሆን!

ትናንት ማታ ልጄ የቤት ሥራ ይዛ መጣች። የበሩን ከፍታ ለክታ እንድትጽፍ ነው። ደስ አለኝ፤ ወንበር ላቀርብላት ተነሳሁ።

«አባዬ፣ መልሱ ስንት ነው?» አለችኝ።

ማስመሪያውን ከቦርሳዋ አላወጣችም።