የቀለጡት ሰዓቶች የአንስታይን አይደሉም

ስለ ስፔናዊው ሠዓሊ ሳልቫዶር ዳሊ «የትዝታ ጽናት» (The Persistence of Memory) ሥዕል የጻፉትን ጽሑፍ ወድጄዋለሁ። ስለ ሱሪያሊስት፣ ማለትም ሕልም መሰል ሥዕል በአማርኛ የሚጽፍ ሰው ሳገኝ ደስ ይለኛል። አንድ ነገር ላይ ግን አልስማማም። እርስዎ በሥዕሉ ላይ ያሉት የቀለጡ ሰዓቶች የአንስታይን የአንጻራዊነት ንድፈ ሐሳብ (ጊዜ ለሁሉም እኩል አይሄድም የሚለው) ምልክት ናቸው ብለዋል። ዳሊ ራሱ ግን መነሻዬ የቀለጠ ካማምበር የሚባል ለስላሳ የፈረንሳይ አይብ ነው ይል ነበር።

ሥዕሉን እስቲ ቀረብ ብለን እንየው። እ.ኤ.አ. በ1931 የተሠራ ነው። መጠኑም 24 በ33 ሴንቲ ሜትር ብቻ ነው፤ ስንቱ ሰው ግድግዳ የሚያክል ይመስለዋል! ከኋላ ያሉት ገደሎች ከሕልም የመጡ አይደሉም። ዳሊ ከልጅነቱ ጀምሮ የሚያውቀው የካታሎኒያ ጠረፍ ነው። መሃል ላይ የተዘረጋው ልፍስፍስ ነገር ደግሞ ፊት ነው። የተከደነውን ዓይንና ረጃጅሙን ሽፋሽፍት ልብ ይበሉ። ብዙዎች የዳሊ የራሱ ፊት ነው ይላሉ፤ እኔም እንደዚያው አያለሁ። ተኝቷል። አንዱ ሰዓትም እላዩ ላይ ተደፍቷል። እንቅልፍ ውስጥ ጊዜ ቅርጹን እንደሚያጣ ደግሞ ሁላችንም እናውቃለን። ለእኔ የሥዕሉ ልብ እዚህ ጋ ነው፣ ፊዚክስ ውስጥ አይደለም።

ጉንዳኖቹ መበስበስን ያሳያሉ ያሉት ልክ ነው። ግን የወረሩት ብቸኛውን ያልቀለጠ ሰዓት መሆኑ ለምን ተዘለለ? እኔን በጣም የሚያስጨንቀኝ እሱ ነው።

የሥነ ልቦና ትንተና መሥራቹ ፍሮይድ እንኳ ሕልም ሲፈታ አላሚው ራሱ የሚያስታውሰውን እየጠየቀ ነበር። ዳሊም ስለ አይቡ ሲናገር ቢደመጥ ጥሩ ነው። በሚቀጥለው ስለ ሌላው ሱሪያሊስት ሠዓሊ ስለ ማግሪት ቢጽፉልን ደስ ይለኛል።