አንድ መራጭ፣ 16,472 ድምፅ

ሰሞኑን አንድ የድሮ የእንግሊዝ ኮሜዲ ደግሜ አየሁ። «ብላክአደር» ይባላል። ሦስተኛው ምዕራፍ ቢቢሲ ላይ የጀመረው በመስከረም 1987 እ.ኤ.አ. ነው፤ ማርጋሬት ታቸር ለሦስተኛ ጊዜ ምርጫ ባሸነፉ በሦስት ወሩ። የታቸር ስም ግን አይጠራም። ታሪኩ የዛሬ 200 ዓመት ገደማ የሆነ ነው።

የመጀመሪያው ክፍል ስለ ማሟያ ምርጫ ነው። ወረዳው ውስጥ ያሉት ሦስት ላሞች፣ ኮሊን የሚባል ውሻና አንዲት ዶሮ ናቸው። መራጩ አንድ ሰው። እሱም ፀጉሩን ሲያበጥር «በአጋጣሚ» አንገቱን ቆርጦ ይሞታል። ምርጫ አስፈጻሚው ደግሞ ፂሙን ሲላጭ ሆዱን ወግቶ ያርፋል። ሁለቱንም የሚተካቸው ማን ይመስላችኋል? ዕጩ ያቀረበው ራሱ ብላክአደር፣ የኮሜዲው ዋና ገጸ ባሕርይ! ዕጩው ባልድሪክ፣ ሁለት ቃል አገጣጥሞ መናገር የሚቸግረው አሽከሩ ነው።

ማጋነን ይመስላል። ብዙም አልተጋነነም። ኦልድ ሳረም የሚባል ሰው የማይኖርበት ጉብታ እስከ 1832 ድረስ ሁለት እንደራሴ ፓርላማ ይልክ ነበር። በ1831 መራጮቹ 11 ነበሩ፤ ሁሉም ሌላ ቦታ የሚኖሩ ባለመሬቶች። ያኔ ትልቁ ማንቸስተር አንድም እንደራሴ አልነበረውም።

እኛ ሰምና ወርቅ ስለምናውቅ፣ ታሪክ መደበቂያ ነው ብለን ቶሎ እንደመድማለን። እዚያ ግን መደበቅ ያስፈለገው የለም። አይቲቪ በሚባለው ሌላው የእንግሊዝ ቴሌቪዥን ላይ ታቸር የጎማ አሻንጉሊት ተሠርቶላቸው በስማቸው ይቀለድባቸው ነበር። እኔ እንደሚመስለኝ የድሮ ልብስ የሚጠቅመው ለተመልካቹ ነው። የዛሬን መሪ ስትነካበት ደጋፊው ፊቱን ያጠቁራል። በባልድሪክ ግን ሁሉም ይስቃል። ማታ ዜና ሲከፍት ነው ነገሩ የሚገባው።

አሁን አሁን የሚቀርበው ታሪክ ጠቀስ ቀልድ ብዙው ሰነፍ ነው። ያልወደዱትን መሪ ኔሮ ወይም ሂትለር ማለት ስድብ እንጂ ንጽጽር አይደለም። ብላክአደር የሚያነጻጽረው ሰውን ሳይሆን አሠራርን ነው፤ ጋዜጠኛውንም ጭምር። ውጤቱን በመስኮት ሆኖ የሚዘግበው ቪንሰንት ሐና ነው፤ በጊዜው ቢቢሲ ላይ የማሟያ ምርጫ በመዘገብ የታወቀ እውነተኛ ጋዜጠኛ። የራሱን ቅድመ አያት ሆኖ ይተውናል።

ሌሎቹ ዕጩዎች ዜሮ ዜሮ ወጥተው ባልድሪክ 16,472 ድምፅ ያገኛል። ሐና ይጠይቃል፤ አንድ መራጭ ይህን ሁሉ ድምፅ እንዴት ሰጠ? ብላክአደር ፈገግ ብሎ፣ ቁጥሩ በፖሊሲው ምን ያህል እንደማምን ነው የሚያሳየው ይለዋል። ጋዜጠኛው ሌላ ጥያቄ የለውም። ለዴሞክራሲ ሌላ ታላቅ ቀን ነው ብሎ ይሰናበታል።