ጥሎ ማለፉ መጣ፣ ቦውሎቹ ግን አልለቀቁም

በአሜሪካ የኮሌጅ ፉትቦል ጥሎ ማለፍ 12 ቡድኖች ይገባሉ። ከ5ኛ እስከ 8ኛ የተመደቡት የመጀመሪያውን ዙር በራሳቸው ሜዳ፣ በራሳቸው ደጋፊ ፊት ይጫወታሉ። ከ1ኛ እስከ 4ኛ ያሉት ይህን ዙር ያርፋሉ። ከዚያ ሩብ ፍጻሜ ሲደርስ ሻንጣቸውን ይዘው ወደ ፓሳዲና፣ ወደ ኒው ኦርሊንስ ወይም ወደ ማያሚ ይሄዳሉ። በሌላ አነጋገር፣ ዓመቱን ሙሉ ከሁሉም የተሻለው ቡድን በሜዳው አንድም የጥሎ ማለፍ ጨዋታ አያገኝም። አምስተኛው ግን ያገኛል።

(ፉትቦል የምለው ያንን የሞላላ ኳሱን ነው። ዓመቶቹም በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

ይህ የተገላቢጦሽ ነገር ከየት መጣ? ቦውል ከሚባሉት ጨዋታዎች ነው። ቦውል ሲጀመር ሻምፒዮን ለመለየት ታስቦ አልነበረም። ካሊፎርኒያ ውስጥ ፓሳዲና ላይ የአዲስ ዓመት የአበባ ሰልፍ የሚያዘጋጁ ሰዎች በ1902 ለበዓሉ ማድመቂያ አንድ ጨዋታ ጨመሩበት። ሚሺጋን ስታንፎርድን 49 ለ 0 እያሸነፈ ሳለ ስታንፎርዶች ሰዓቱ ሳያልቅ በቃን አሉ። አዘጋጆቹም ተስፋ ቆርጠው በሚቀጥሉት ዓመታት የሠረገላ ውድድር ሁሉ ሞከሩ። ፉትቦሉ የተመለሰው በ1916 ነው። በ1930ዎቹ ደግሞ ማያሚ፣ ኒው ኦርሊንስና ዳላስ የየራሳቸውን ቦውል አቋቋሙ። ሐሳቡ ግልጽ ነው። ሰሜኑ በረዶ ሲሆን ሰው ወደ ሞቃት ከተማ ይምጣ፣ ሆቴል ይሙላ።

ሻምፒዮኑንስ ማን ለየ? ጋዜጠኞች በድምፅ። አሶሺዬትድ ፕሬስ ከ1936 ጀምሮ ደረጃ ያወጣ ነበር። በ1950 የአሰልጣኞች ምርጫ ተጨመረ። ለረጅም ጊዜ የመጨረሻው ድምፅ የሚሰጠው ቦውሎቹ ከመካሄዳቸው በፊት ነበር። በ1964 አላባማ ሻምፒዮን ከተባለ በኋላ በማያሚው ኦሬንጅ ቦውል በቴክሳስ 21 ለ 17 ተሸነፈ። ዋንጫው ግን የእሱ ሆኖ ቀረ። አሰልጣኞቹ ከዚህም አልተማሩም። በ1973 ያንኑ አላባማን መረጡ፣ እሱም በኒው ኦርሊንሱ ሹገር ቦውል በኖትርዳም ተሸነፈ።

ለእኔ ከሁሉም የሚገርመው የ1997ቱ ነው። ሚሺጋንና ኔብራስካ ሁለቱም ሳይሸነፉ ጨረሱ። ይጋጠሙና ይለይላቸው ማለት ቀላል ይመስላል። አልተቻለም። ሚሺጋን ያለበት የኮሌጆች ማኅበር (ኮንፈረንስ) ከፓሳዲናው ሮዝ ቦውል ጋር ውል ነበረው፤ የማኅበሩ ሻምፒዮን ወደዚያ መሄድ ግድ ነበር። ኔብራስካ ወደ ማያሚ ሄደ። ሁለቱም አሸነፉ። ጋዜጠኞች ሚሺጋንን፣ አሰልጣኞች ኔብራስካን መረጡ። በአንድ ዓመት ሁለት ሻምፒዮን!

ጥሎ ማለፍ ይኑር ሲባል ደጋግሞ ይሰማ የነበረው መልስ የተማሪዎቹ ፈተና ነው። ልጆቹ በታኅሣሥ ማጥናት አለባቸው ተባለ። እሺ። ግን ዲቪዥን ሁለትና ዲቪዥን ሦስት የሚባሉት ትናንሽ ኮሌጆች ከ1973 ጀምሮ ጥሎ ማለፍ ይጫወታሉ። ከትልቁ ዲቪዥን አንድ ደረጃ ዝቅ ያሉትም በ1978 ጀመሩ፤ የመጀመሪያውን ዋንጫ የወሰደው የጥቁሮች ዩኒቨርሲቲ የሆነው ፍሎሪዳ ኤ ኤንድ ኤም ነው። እነሱስ ፈተና የለባቸውም? የሚከለክላቸው ትልልቅ ቦውልና ትልልቅ ውል ስላልነበረ ብቻ ነው ጉዳያቸውን ሜዳ ላይ የጨረሱት።

ትልልቆቹ ሀብታም ኮሌጆች በ1998 አንደኛውን ከሁለተኛው የሚያገናኝ ሥርዓት አመጡ። ማን አንደኛ ማን ሁለተኛ እንደሆነ የሚናገረው ግን የድምፅና የኮምፒውተር ድብልቅ ነበር። በ2004 ኦበርን፣ በ2008 ዩታ ሳይሸነፉ ውጭ ቀሩ። ባራክ ኦባማ ሳይቀሩ በ2008 ምርጫውን እንዳሸነፉ ስምንት ቡድን ይጫወት ብለው በቴሌቪዥን ተናገሩ። በ2014 አራት ቡድን ተፈቀደ። በመጀመሪያው ዓመት አራተኛ ሆኖ የገባው ኦሃዮ ስቴት ዋንጫውን በላ። በድሮው ሥርዓት አይጫወትም ነበር። በ2023 ደግሞ ፍሎሪዳ ስቴት 13 ጨዋታ አሸንፎ አንድም ሳይሸነፍ ቡድኖቹን በሚመርጠው ኮሚቴ ተጣለ፤ ኳሱን የሚያከፋፍለው ዋና ተጫዋቹ (ኳርተርባኩ) ተጎድቷል ተብሎ። 12ቱ በ2024 መጡ።

አሥራ ሁለት ጥሩ ቁጥር ነው። 16 ይሁን፣ 24 ይሁን የሚለው ክርክር ብዙም አይገባኝም። ቅድሚያ ሊነካ የሚገባው ሩብ ፍጻሜው ነው። በመጀመሪያዎቹ ሁለት ዓመታት (2024 እና 2025) ካረፉት 8 ቡድኖች ሩብ ፍጻሜውን ያለፈው የ2025ቱ ኢንዲያና ብቻ ነው። በሜዳቸው የመጀመሪያውን ዙር ካስተናገዱት 8 ቡድኖች ግን 6ቱ አልፈዋል። በእርግጥ ሜዳ ብቻውን አያሸንፍም። ቴክሳስ ኤ ኤንድ ኤም በ2025 በራሱ ሜዳ በማያሚ 10 ለ 3 ተሸንፏል። ረጅሙ እረፍትም ተጫዋቹን እንደሚያዝግ አሰልጣኞች ይናገራሉ፤ እውነት ሊሆን ይችላል። ያ ከሆነ ደግሞ ለአንደኛው ሜዳውን መስጠት ይበልጥ ያስፈልጋል፤ ዝገት እንደ ሽልማት አይቆጠርማ።

ደጋፊውንም እናስብ። በ2024 ኦሃዮ ስቴትን እስከ ዋንጫው የተከተለ ሰው ከቡድኑ ከተማ ከኮሎምበስ ወደ ፓሳዲና፣ ከዚያ ወደ ዳላስ አጠገብ ወዳለችው አርሊንግተን፣ ከዚያ ወደ አትላንታ መጓዝ ነበረበት። ይህ ሁሉ በአንድ ወር ውስጥ ነው። ተማሪ ይህን ገንዘብ ከየት ያመጣል?

ሰሜኑ በጥር ይቀዘቅዛል የሚሉ አሉ። ፕሮፌሽናሎቹ ግሪን ቤይና ቡፋሎ ላይ በበረዶ ይጫወታሉ፤ ሰውም በደስታ ያያል። ለጥሎ ማለፉ በዓመት 1.3 ቢሊዮን ዶላር ገደማ የሚከፍለው ቴሌቪዥንም አራት ጨዋታ የትም ቢካሄድ አያጣም። ቦውሎቹ ግማሽ ፍጻሜዎቹን ይያዙ። ሮዝ ቦውልም ሰልፉንና የአዲስ ዓመት ቀኑን አይጣ፤ ጥሎ ማለፉ ያልደረሳቸውን ሁለት ጥሩ ቡድኖች ይጋብዝ፣ ስታዲየሙ ይሞላል። ሩብ ፍጻሜው ግን ወደ ዩኒቨርሲቲዎቹ ሜዳ ይመለስ።