ማስተካከያ፦ ስለ ዴቪድ ሌተርማን «ሌት ናይት»

ስለ አሜሪካ የእኩለ ሌሊት የቴሌቪዥን ጭውውት ዝግጅቶች ባቀረብነው ጽሑፍ፣ አቅራቢው ዴቪድ ሌተርማን «ሌት ናይት» የተባለውን ዝግጅት እ.ኤ.አ. በ1993 በሲቢኤስ የቴሌቪዥን ጣቢያ እንደጀመረ መግለጻችን ስሕተት ነው። ዝግጅቱ የተጀመረው በፌብሩዋሪ 1 ቀን 1982 በኤንቢሲ ሲሆን፣ በ1993 የሆነው ሌተርማን ወደ ሲቢኤስ ተሻግሮ «ሌት ሾው»ን መጀመሩና የቀድሞ ወንበሩን ኮናን ኦብራየን መረከቡ ነው። ልዩነቱ የስም ብቻ አይደለም፤ በ1984 ቬልክሮ (ተጣባቂ ማያያዣ ጨርቅ) የተሰፋበት ልብስ ለብሶ ከመንጠሪያ ላይ በመዝለል ግድግዳ ላይ የተለጠፈበት ትርኢት፣ ከ1985 ጀምሮ የቀረበው አሥር ቀልዶችን በደረጃ የሚዘረዝረው የ«አሥርቱ» ዝርዝርም የተወለዱት በኤንቢሲ ነው። ይህን ዓይነቱን ቀልድ ሌተርማን ፈለሰፈው ማለታችንም (ይህኛው ይበልጥ ያሳፍረናል) የቀደምቱን የሌሊት ጭውውት አቅራቢ የስቲቭ አለንን ድርሻ ዘልሏል፤ አለን የሻይ ከረጢቶች የተሰፉበት ልብስ ለብሶ ውሃ ውስጥ የተነከረው ከእሱ አስቀድሞ ነበር።